የአንድ ዓረፍተ ነገር ጉዞ፦ ከሮም እስከ ፍትሐ ነገሥት

ፍትሐ ነገሥት አንቀጽ 31 ስለ ነጻነትና ስለ ባርነት ነው። አጀማመሩ ያምራል። ነጻነት ከአእምሮ ሕግ ጋር ይስማማል፤ በተፈጥሮ ሕግ ሰው ሁሉ ነጻነትን ይጋራል ይላል። ወዲያው ግን ይዞራል። ጦርነትና የፈረስ ብርታት አንዱን የሌላው አገልጋይ አደረገው፤ በጦርነትና በድል ሕግ ተሸናፊው የአሸናፊው ባሪያ ይሆናል ይላል። ከዚያ በኋላ የሚመጣው ባሪያ ስለ መሸጥ፣ ስለ አያያዙና ነጻ ስለ ማውጣት ነው።

መጀመሪያ ሳነበው ተናደድኩ። እውነቱን ያወቀ ሰው፣ በአፉም የተናገረ ሰው፣ እንዴት በዚያው ገጽ ላይ ጥሎት ይሄዳል? ንዴቱ በረድ ሲል ጥያቄ መጣ። ይህን ማን ጻፈው? በእኛ ዘንድ ሲባል የኖረው መጽሐፉን በኒቅያ የተሰበሰቡት 318ቱ ሊቃውንት ለንጉሥ ቆስጠንጢኖስ እንደሰጡት ነው። የዚህን ሐሳብ ዱካ ስከተል ግን ከኒቅያም ወዲያ ወሰደኝ። ጣዖት የሚያመልኩ የሮም ሕግ አዋቂዎች ዘንድ ደረስኩ። ከእነሱ ጀምሮ እኛ ዘንድ እስኪደርስ ከሺህ ዓመት በላይ ፈጅቷል። በየመንገዱ ያረፈባቸው ቤቶች የመካከለኛው ዘመን ሰው በሕግ እንዴት ይኖር እንደነበር ያሳያሉ። ስለዚህ እነዚህን ቤቶች አንድ በአንድ ልንካቸው። (ዓመቶቹን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ በእኛ ሲሆን እናገራለሁ።)

ፍሎሬንቲኑስ የሚባል የሮም ሕግ አዋቂ ነበር። የሕግ ጀማሪዎች የሚማሩበት መጽሐፍ ጽፏል። እዚያ ላይ ባርነትን ሲተረጉም፣ ሰው ከተፈጥሮ ውጭ በሌላ ሰው ንብረትነት ሥር የሚውልበት፣ በሕዝቦች ሁሉ ዘንድ የተለመደ ሥርዓት ነው አለ። ከተፈጥሮ ውጭ! ኡልፒያን የሚባለው ሌላው ትልቅ ሊቅ ደግሞ፣ በአገር ሕግ ባሪያ እንደ ሰው አይቆጠርም፤ በተፈጥሮ ሕግ ግን ሰዎች ሁሉ እኩል ናቸው ብሏል። እነዚህ ሰዎች ባሪያ በየቤቱ፣ በየእርሻው፣ በየማዕድን ጉድጓዱ በሞላበት አገር ነበር የሚኖሩት። እነሱ ራሳቸው ምሳቸውን የሚያቀርብላቸው ባሪያ ነበር ማለት ይቻላል። ግን ሕግን በየክፍሉ የመለየት ልማድ ነበራቸው። የተፈጥሮ ሕግ፣ የሕዝቦች ሕግ፣ የአገር ሕግ። ባርነትን ከየትኛው ሥር እንደሚጽፉት ሲያስቡ፣ ከተፈጥሮ ሕግ ሥር መጻፍ አልቻሉም። ሕሊናቸው እንቢ ስላለ ነው ብዬ አላስብም። የሥራቸው ጥራት እንቢ ስላላቸው ይመስለኛል። ነገሩን በትክክል መጻፍ ነበረባቸው፤ በትክክል ሲጽፉት ደግሞ እውነቱ ወጣ።

ከዚያ በኋላ ሮም በምዕራብ ወደቀች፤ በምሥራቅ ግን ዋና ከተማዋ ቁስጥንጥንያ ሆኖ ቀጠለች። በ527 ዮስጢንያኖስ ነገሠ። ሕጉ ያን ጊዜ የተዝረከረከ ነበር። የነገሥታቱ አዋጅ አንድ ቦታ፣ የሊቃውንቱ መጻሕፍት ሌላ ቦታ፣ እርስ በርስ የሚጣላው ብዙ። ዮስጢንያኖስ ትሪቦኒያን የሚባል ሰው መርጦ ጉባኤ አቋቋመ። በራሱ በንጉሡ አነጋገር ወደ 2,000 የሚጠጋ መጽሐፍ፣ 3 ሚሊዮን መስመር ተነብቦ ወደ 150,000 መስመር ወረደ። ሥራው ሦስት ዓመት ነው የፈጀው። ዳይጀስት የሚባለው 50 ክፍል ያለው ስብስብ በ533 ታኅሣሥ ወጣ። ከእሱ ጥቂት ቀደም ብሎ በዚያው ዓመት ለተማሪ የሚሆን ትንሽ መጽሐፍ ወጥቶ ነበር፤ ኢንስቲቱትስ ይባላል። የፍሎሬንቲኑስ ሐሳብ የገባው እዚህ ትንሽ መጽሐፍ መጀመሪያ ላይ ነው። በመጀመሪያ ሰው ሁሉ ነጻ ሆኖ ተወልዶ ነበር፤ ጦርነት መጣ፤ ምርኮና ባርነት ተከተለው።

የመጽሐፉ ትንሽነት ዕጣ ፈንታውን ወሰነ። ትልቁን ዳይጀስት የሚያገላብጥ ጥቂት ነው። ትንሹን ግን በቁስጥንጥንያም በቤይሩትም የገባ ተማሪ ሁሉ ያነበዋል። የቤይሩት የሕግ ትምህርት ቤት በ551ዱ የመሬት መንቀጥቀጥ እስኪጠፋ ድረስ በምሥራቅ ስመ ጥር ነበር። እንግዲህ ከየአገሩ ተመርጦ የመጣ ወጣት፣ ነገ ዳኛና አገረ ገዥ የሚሆን ልጅ፣ ገና በመጀመሪያው ዓመት ባርነት ከተፈጥሮ ውጭ ነው የሚለውን ይማራል። ከዚያ ገጹን ይገልጥና ባሪያ እንዴት እንደሚሸጥ ይማራል።

አንድ ችግር ነበር፤ ሕጉ በላቲን ነው። የአገሩ ሰው ግን የሚናገረው ግሪክኛ ነው። በሶርያ ሱርስት፣ በግብፅ ቅብጥ። ዮስጢንያኖስ ይህን ያውቅ ነበር። በ535 ባወጣው አንድ አዋጅ፣ ሕጉን በአባቶች ቋንቋ ትቼ በዚህ በሕዝቡ በግሪክኛ የጻፍኩት ለሁሉም እንዲገባ ነው የሚል ቃል አለበት። ከዚያ ወዲህ ያወጣቸው ሕጎች አብዛኞቹ በግሪክኛ ናቸው። ኢንስቲቱትስን ካዘጋጁት አንዱ የነበረው መምህር ቴዎፍሎስም ያንኑ ትንሽ መጽሐፍ በግሪክኛ እያብራራ ጻፈው። በኋላ በምሥራቅ ላቲን የሚያውቅ ሲጠፋ የቴዎፍሎስ ግሪክኛ ቀረ። ሐሳቡን ከሞት ያዳነው የተማሪ ማስታወሻ የመሰለ መጽሐፍ ነው።

ከዮስጢንያኖስ አዋጆች ሁሉ እኔን የሚነካኝ በዚያው በ535 የወጣው አንድ ሌላ ነው። ሴቶችን ለዝሙት ስለሚያቀርቡ ደላሎች ነው። ደላሎቹ በየገጠሩ እየዞሩ የድሃ ልጆችን በጫማና በልብስ ያታልሏቸዋል። ከተማ አምጥተው ቤት ይዘጉባቸዋል። ገንዘቡን እነሱ ይወስዳሉ። ልጆቹን ደግሞ ውል ያስፈርሟቸዋል፣ ዋስ ያስጠሩባቸዋል፤ ለመሄድ ቢሞክሩ ዋሱ ይያዛል። አሥር ዓመት ያልሞላቸው እንኳ ነበሩ ይላል አዋጁ። ንጉሡ ውሉን ሁሉ ሰረዘ፤ ደላሎቹን ከከተማ አባረረ። በሕግ ቋንቋ እነዚህ ልጆች ባሪያ አልነበሩም። ነጻ ነበሩ፤ የፈረሙም ነበሩ። ያ አዋጅ ግን ፊርማውን አልፎ ጫማውን አየ። ዛሬም በደላላ እጅ ገብተው፣ ውል ፈርመው፣ ፓስፖርታቸውን ተነጥቀው በዓረብ አገር ቤት ተዘግቶባቸው የሚያለቅሱ እህቶቻችንን የሚያውቅ ሰው ይህን አዋጅ ያለ እንባ አያነበውም።

ከመቶ ዓመት በኋላ ግዛቱ ጠበበ። ሶርያና ግብፅ በዓረቦች እጅ ገቡ። ከተሞች አነሱ፤ ትምህርት ቤቶች ተዘጉ። የዮስጢንያኖስ መጻሕፍት ቢኖሩም የሚያነባቸው ዳኛ የለም። በ741 ሦስተኛው ሊዮ ከልጁ ከአምስተኛው ቆስጠንጢኖስ ጋር አንድ አጭር የሕግ መጽሐፍ አወጣ፤ ኤክሎጋ ይባላል። መግቢያው ላይ የነገሩን ሐቅ ሳይደብቅ ይናገራል። የቀደሙት ሕጎች በብዙ መጻሕፍት ተበትነዋል፤ ለአንዳንዱ ለመረዳት ይከብዳሉ፤ በተለይ ከዋናው ከተማ ውጭ ላሉት ጨርሶ አይገቡም። ስለዚህ አሳጠርነው ይላል። ደግሞ ዳኞች ከተከራካሪ ምንም እንዳይቀበሉ ደመወዛቸውን ከመንግሥት ግምጃ ቤት እንሰጣለን ይላል። ነቢዩ አሞጽ ጻድቁን በብር ሸጡት ብሎ የተናገረው በእኛ ዘመን እንዳይፈጸም ብሎ ያስረዳል።

ኤክሎጋን የማከብረው ገጠሩን ስላየ ነው። በድሮው የሮም ሕግ ኑዛዜ ሰባት ምስክር ይፈልግ ነበር። ኤክሎጋ ሰባት ካልተገኘ አምስት፣ ያም ካልተገኘ ሦስት ይበቃል አለ። ከአንዲት መንደር ሰባት ለምስክርነት የሚበቃ ሰው ከየት ይመጣል? ባል ሲሞት ሚስቲቱ የቤቱ ራስ ትሆናለች፣ ልጆች ይታዘዟታል፣ ንብረቱን ታስተዳድራለች አለ። የጋብቻ ዕድሜ በሮም ሕግ ለሴት 12፣ ለወንድ 14 ነበር፤ ወደ 13 እና 15 ከፍ አደረገው። ትንሽ ነው፤ ግን ከፍ ነው።

ያው መጽሐፍ አፍንጫ መቁረጥን፣ እጅ መቁረጥን፣ ዓይን ማጥፋትን ሕግ አድርጎ ጻፈ። ነገሥታቱ ይህን ርኅራኄ ነው የሚሉት፤ ብዙውን ጊዜ የሞት ቅጣትን ስለተካ። እኔ ርኅራኄ ብዬ ልጠራው አልችልም። ሞት ከተፈረደበት ሰው አንጻር ግን ነገሩ ሌላ መልክ ሊኖረው እንደሚችል አልክድም። ከአፍንጫ ወዲያ ዕድሜ አለ፤ ንስሐ አለ። ያ ዘመን እንደዚያ ነበር የሚያስበው።

በዚያው ዘመን አካባቢ የገበሬ ሕግ የሚባል ትንሽ መጽሐፍ በግሪክኛ ይዞር ነበር። 85 ገደማ አጫጭር አንቀጽ ነው። ማን እንደጻፈው አይታወቅም። የመጀመሪያው አንቀጽ፣ ማሳውን የሚያርስ ገበሬ ትክክለኛ ይሁን፣ የጎረቤቱን ትልም አይለፍ ይላል። እረኛ ጠዋት የሰው በሬ ተረክቦ ከመንጋው ጋር ሲቀላቅል ተኩላ ቢበላበት፣ ለባለቤቱ የሆነውን ያስረዳ፤ ዕዳ የለበትም። ወይን ውስጥ ገብቶ ሲያጠፋ ያገኘውን በሬ ካሳ ጠይቆ ለባለቤቱ ከመመለስ ይልቅ የገደለ፣ በሬ በበሬ ይተካ። እዚህ ላይ ፍልስፍና የለም። ተፈጥሮ፣ ሕዝቦች፣ አገር ብሎ የሚከፋፍል የለም። ግን ወሎም ጎጃምም ያደገ ሰው እያንዳንዱን ጉዳይ በስም ሊጠራው ይችላል፤ የእገሌና የእገሌ የድንበር ክርክር ብሎ።

በዘጠነኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ቀዳማዊ ባስልዮስና ልጁ ስድስተኛው ሊዮ የዮስጢንያኖስን ሕግ እንደገና አነሡት። ልጁ ባሲሊካ የሚባለውን 60 መጽሐፍ በግሪክኛ አስወጣ። ከዚህ ሁሉ ይልቅ ለእኛ ታሪክ የሚጠቅመው ግን ትንሹ ነው፤ በባስልዮስ ስም የወጣው ፕሮኬይሮስ ኖሞስ፣ በእጅ የሚያዝ የሕግ መጽሐፍ። አሁንም ትንሹ መጽሐፍ! ትልቁ ባሲሊካ በቁስጥንጥንያ ቤተ መጻሕፍት ሲቀመጥ፣ ትንሹ ሻንጣ ውስጥ ገብቶ አገር አቋረጠ። ወደ ስላቮች ሄደ። ወደ ጣሊያን ደቡብ ሄደ። ወደ ዓረብኛም ተመለሰ።

እዚህ ላይ ስለ መሬት ሳልናገር ባልፍ ቅር ይለኛል። በ927 ክረምት በቁስጥንጥንያና በአካባቢው ብርዱ ከልክ አለፈ። መሬቱ 120 ቀን በረዶ ሆኖ እንደቆየ ታሪክ ጸሐፊዎቻቸው ጽፈዋል። ረሃብ መጣ። ድሃው መሬቱን ለባለጸጋው በርካሽ ሸጠ። ንጉሥ ሮማኖስ በ934 አዋጅ አወጣ፤ በዚያ ረሃብ ከእውነተኛው ዋጋ ከግማሽ በታች የገዛ ባለሥልጣን መሬቱን ያለ ካሳ ይመልስ አለ። ነገሩ አልቆመም። በ996 ሁለተኛው ባስልዮስ ሌላ አዋጅ ሲያወጣ የአንድ ሰው ታሪክ አስገባበት። ፊሎካሌስ ይባላል። ከድሃ መንደር የተነሣ ነበር። ሹመት ሲያገኝ መንደሩን ጥቂት በጥቂት ጠቀለለው፤ የመንደሩን ስም እንኳ ለወጠው። ንጉሡ በዚያ ሲያልፍ ድሆቹ ጮኹበት። ባስልዮስ የሰውየውን ቤቶች ከመሠረታቸው አስፈረሰ፤ መሬቱን ለመንደርተኛው መለሰ፤ ፊሎካሌስንም ወደ ቀድሞ ኑሮው፣ ወደ ተራ ገበሬነት መለሰው። በዚሁ አዋጅ ጉልበተኛ 40 ዓመት ይዤዋለሁ ብሎ የሚከራከርበትን በር ዘጋ። በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ የሚል ሕዝብ የፊሎካሌስን ታሪክ ለመረዳት አስተርጓሚ አያስፈልገውም።

ግን ባስልዮስ መሬት ለገበሬ ሲመልስ፣ ከቡልጋሪያና ከሌላም ጦርነት የተማረኩ ሰዎች በገበያው ይሸጡ ነበር። የጦርነት ሕግ የሚለው ክፍል ሥራ ላይ ነበር። ቤተ ክርስቲያንስ? ባሪያ ነጻ ማውጣትን ከበጎ ሥራ ትቆጥራለች፤ ብዙ ሰው ሲሞት ለነፍሱ ብሎ በኑዛዜ ባሪያዎቹን ነጻ ያወጣል። ከዚያ አልፎ ግን አልተሄደም። በ1095 ንጉሥ አሌክሲዮስ ኮምኔኖስ የተናገረው ነገር ያን ዘመን እንደ መስተዋት ያሳያል። ጌቶች ባሪያዎቻቸው በቤተ ክርስቲያን እንዳይጋቡ ይከለክሉ ነበር። ለምን? በካህን የተባረከ ጋብቻ ነጻ ያወጣቸዋል ብለው ስለፈሩ። ንጉሡ አትፍሩ፣ ጋብቻው ነጻ አያወጣቸውም፣ ግን ይባረኩ ብሎ አዘዘ። የጌቶቹን ፍርሃት ልብ በሉ። ፍርሃቱ ከየት መጣ? በልባቸው ያ የተፈጥሮ ሕግ የሚሉት ነገር እንዳለ ያውቁ ነበር። አንድ ቅዱስ ነገር ነክቶት እንዳይነሣባቸው ሰጉ።

አሁን ወደ ግብፅ እንሂድ። እዚህ ላይ ታሪኩ የማይጠበቅ መታጠፊያ አለው። የግብፅ ክርስቲያኖች ከ451ዱ የኬልቄዶን ጉባኤ ጀምሮ ከቁስጥንጥንያ ጋር ተለያይተዋል። ነገሥታቱ አሳደዷቸው፤ ጳጳሶቻቸውን አባረሩባቸው። በ640ዎቹ መጀመሪያ ዓረቦች አገሩን ያዙ። ከዚያ በኋላ የቁስጥንጥንያ ንጉሥ ትእዛዝ በግብፅ አይሠራም። ታዲያ ያ ያሳደዳቸው መንግሥት ሕግ ከስድስት መቶ ዓመት በኋላ በእነዚያው ክርስቲያኖች እጅ ምን ይሠራል?

መልሱ የዕለት ኑሮ ነው። በእስላም መንግሥት ሥር ክርስቲያኖች በጋብቻ፣ በውርስ፣ በመሰል ጉዳያቸው የሚዳኙት በራሳቸው ጳጳስ ነበር። ጳጳሱ እንዲፈርድ መጽሐፍ ያስፈልገዋል። ወንጌል ቂም እንዳትይዝ ያስተምራል እንጂ የሟች ወንድም ልጅ ስንት ይወርሳል ለሚለው መልስ የለውም። መልስ የሌለው ጳጳስ ዘንድ የሄደ ክርስቲያን ደግሞ ወደ ቃዲው ይሄዳል። ስለዚህ የነገሥታት ቀኖና የሚባሉ መጻሕፍት በዓረብኛ ተሰበሰቡ። ፕሮኬይሮስ ኖሞስ አንዱ ነው። ኤክሎጋም አለ። ከአምስተኛው መቶ ዓመት የሮም ሕግ ተውጣጥቶ በሱርስት የተተረጎመ የቆየ መጽሐፍም አለ። በ1238 ገደማ አል-ሳፊ ኢብን አል-አሳል የሚባል የካይሮ ቅብጥ ሊቅ እነዚህን ከሐዋርያት ቀኖና፣ ከጉባኤያት ውሳኔ ጋር አስማምቶ አንድ መጽሐፍ አደረጋቸው። ከጎረቤቶቹ ከእስልምና የሕግ ሊቃውንትም ቀድቷል። በፓትርያርክ ቄርሎስ ሦስተኛ ዘመን ቤተ ክርስቲያኒቱ በብዙ ሁከት ውስጥ ነበረች፤ የተስተካከለ ሕግ መፈለግ የሞት ሽረት ነገር ነበር።

ይህን ሰው ሳስበው ልቤ ይሞላል። አገር የለውም፤ ሠራዊት የለውም፤ የሚጽፈው ሕግ የሚያስፈጽምበት ፖሊስ የለውም። ያለው ብዕርና ተራ የምእመናን ጭቅጭቅ ነው። ግን ዮስጢንያኖስ በሦስት ሚሊዮን መስመር የጀመረውን፣ ሊዮ ያሳጠረውን፣ ባስልዮስ በእጅ እንዲያዝ ያደረገውን እሱ ወደ ሌላ ዓለም አሻገረው። መጽሐፉ ሁለት ክፍል አለው። የመጀመሪያው የቤተ ክርስቲያን ነው፤ ሁለተኛው የዓለም ነገር ነው። የነጻነቱ ሐሳብ ያለው በሁለተኛው ነው።

ከካይሮ ወደ እኛ የመጣበት መንገድ ግልጽ ነው። ጳጳሳችን ከእስክንድርያ መንበር ነበር የሚመጣው። በትውፊት እንደሚነገረው ንጉሥ ዘርዓ ያዕቆብ፣ ከ1434 እስከ 1468 የነገሠው፣ የሚፈርድበት መጽሐፍ ሲፈልግ ጴጥሮስ አብደ ሰይድ የሚባል ሰው ከዓረብኛ ወደ ግዕዝ መለሰው። መቼና በማን እጅ እንደተተረጎመ ሊቃውንቱ ይከራከሩበታል። ያ ክርክር ይቆየን። በግዕዙ 51 አንቀጽ አለው፤ እስከ 22 ያለው መንፈሳዊ፣ ከ23 ጀምሮ ያለው ሥጋዊ ነው። አንቀጽ 31 እንግዲህ እዚያ ነው ያለው።

ገበሬው ግዕዝ አይሰማም ነበር። በየአገሩ የሚዳኘው በልማድ፣ በሽማግሌ፣ በጭቃ ሹም ነበር። ተጠየቅ ልጠየቅ ብሎ የሚሟገተው፣ በሕግ አምላክ ብሎ መንገደኛ የሚያስቆመው ሕዝብ ፍትሐ ነገሥትን አንብቦ አይደለም። መጽሐፉ የሚወጣው ከባድ ጉዳይ ሲመጣ፣ በንጉሡ ችሎት፣ ሊቃውንት ቆመው ሲጠየቁ ነበር። በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት ደግሞ ከመጻሕፍተ ሊቃውንት ጋር ይተረጎማል። ልክ እንደ ቁስጥንጥንያ ማለት ነው፤ መጽሐፉ ከላይ፣ ኑሮው ከታች፣ መሐል ላይ ጥቂት የሚያነቡ ሰዎች።

አንቀጽ 31 እኛ ዘንድ ባዶ ወረቀት ላይ አልተጻፈም። አገራችን ባሪያ የምትሸጥና የምትገዛ አገር ነበረች። መጽሐፉ ክርስቲያን ባሪያን ለማያምን መሸጥ ይከለክላል፤ ነጻ ማውጣትን ያመሰግናል። ያ ሁሉ ተነበበ፤ ገበያው ግን ቀጠለ። በእኔ ቤተሰብም ይህ ነገር ሩቅ አይደለም። አያቴ ያደገችበት ቤት ውስጥ አንዲት ሴት ነበረች። የቤት ልጅ ነው የሚሏት። ከየት እንደመጣች ሲጠየቅ ወሬው ወደ ሌላ ይዞራል። አዋጁ ነጻ ሲያወጣት መሄጃ ስላልነበራት እዚያው እንደቀረች አያቴ ነግራኛለች። የዚያ ቤት ሽማግሌዎች ዳዊት የሚደግሙ፣ ከሊቃውንት ጋር የሚውሉ ሰዎች ነበሩ። ሰው ሁሉ በተፈጥሮ ሕግ ነጻ ነው የሚለውን ሰምተውት ይሆናል ብዬ አምናለሁ። ዓረፍተ ነገሩ የሚያናድደኝ ስለዚህ ነው። ሩቅ አገር የተጻፈ ቢሆን አንብቤ አልፈው ነበር።

ግን ንዴት ብቻ አይደለም። ሐሳቡን የሚገለብጡት ሁሉ፣ ፍሎሬንቲኑስም፣ ትሪቦኒያንም፣ ቴዎፍሎስም፣ አል-ሳፊም፣ የግዕዙ ተርጓሚም፣ የመጀመሪያውን ግማሽ መተው ይችሉ ነበር። ለገበያው አያስፈልግም። ባሪያ ለመሸጥ፣ ሰው በተፈጥሮው ነጻ ነው ብሎ መጀመር ምን ያደርጋል? ያሳጠሩት እነሱ ናቸው፤ ከሦስት ሚሊዮን መስመር ስንቱን ጥለዋል። ይህን አልጣሉም። ሥርዓታቸውን በሙሉ የሚወቅስ ምስክር በመጽሐፋቸው መጀመሪያ ላይ አስቀምጠው አለፉ። ለዚህ ታማኝነት ክብር አለኝ። ዘግይቶም ቢሆን የሚያነብ እንዲገኝ አድርገዋል።

የምዕራቡንም መንገድ በአጭሩ ልንገራችሁ፤ መጨረሻ ላይ እኛ ጋ ይገናኛሉና። በምዕራብ አውሮፓ ዳይጀስት ለብዙ ዘመን ተረስቶ ነበር። በ1100 አካባቢ ቦሎኛ ውስጥ ኢርኔሪዩስ የሚባል መምህር ያስተምረው ጀመር። ከየአገሩ ተማሪ ጎረፈ። የጀርመኑ ንጉሠ ነገሥት ቀዳማዊ ፍሬድሪክ ለእነዚህ መንገደኛ ተማሪዎች የጥበቃ ሕግ አወጣላቸው። በሕግ መጻሕፍቱ ኅዳግ ላይ መምህራን የጻፉት ማብራሪያ በአሥራ ሦስተኛው መቶ ዓመት አኩርሲዩስ ሲሰበስበው ወደ 97,000 ደረሰ። ከዚያ ወደ ፓሪስ፣ ከዚያ ከብዙ ዘመን በኋላ በ1804 ወደ ናፖሊዮን የፍትሐ ብሔር ሕግ። በምሥራቅ በኩል ደግሞ የተሰሎንቄው ዳኛ ሃርሜኖፑሎስ በ1345 የጻፈው ማሳጠሪያ በቱርክ ዘመን ሁሉ ለግሪኮች አገልግሎ፣ በነጻይቱ ግሪክ እስከ 1946 ድረስ የፍትሐ ብሔር ሕግ ሆኖ ቆየ። የቁስጥንጥንያ ሕግ በቁስጥንጥንያ መውደቅ አልሞተም።

ወደ አገራችን ስንመለስ፣ በ1916 ዓ.ም. ባርነትን ቀስ በቀስ የሚያስቀር አዋጅ ወጣ። ፈጽሞ የሻረው አዋጅ የወጣው በ1934 ዓ.ም. ነው። በመካከሉ በ1923 ዓ.ም. ከፍትሐ ነገሥት የተነሣ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ወጥቷል። ከዚያ በ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችን መጣ፤ አርቃቂው ሬኔ ዳቪድ የሚባል ፈረንሳዊ የሕግ ፕሮፌሰር ነው። ንጉሠ ነገሥቱ በመግቢያው ላይ ሥራው ከጥንታዊውና ከተከበረው ፍትሐ ነገሥት መንፈስ እንደተቀበለ ይናገራሉ። ይህን ብዙ ሰው እንደ ወግ ማሳመሪያ ነው የሚያነበው። ለእኔ ግን ሁለት ወንዝ ተገናኝቷል። አንዱ በቁስጥንጥንያ፣ በካይሮ፣ በግዕዝ የመጣ የሮም ሕግ ነው። ሌላው በቦሎኛና በፓሪስ የመጣ የሮም ሕግ ነው። ከሺህ ዓመት በላይ ሳይተያዩ ኖረው አዲስ አበባ ላይ በአንድ መጽሐፍ ተገናኙ።

ሲገናኙም አንዱ ሌላውን ሻረው። ቁጥር 3347 ከዚህ በፊት በጽሑፍም በልማድም ይሠራባቸው የነበሩ፣ ይህ ሕግ የሚመለከታቸው ደንቦች ሁሉ ተሽረዋል ይላል። ፍትሐ ነገሥት በዓለማዊ ፍርድ ቤት ያን ቀን አበቃ። ብዙ የቆዩ ሰዎች ይህ ያሳዝናቸዋል፤ ልማዱ ሳይጠና ተጣለ ይላሉ። በጋብቻና በመሬት ነገር እኔም እስማማለሁ። የአንቀጽ 31 መሻር ግን አያሳዝነኝም። የአዲሱ ሕግ ቁጥር 1 ሰው ከተወለደበት ጊዜ ጀምሮ እስኪሞት ድረስ የመብት ባለቤት ነው ይላል። ተከታይ ሐረግ የለውም። ጦርነትም፣ ፈረስም የለበትም።

አንቀጽ 31 ዛሬም በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት ይተረጎማል። ግዕዙ ከነአማርኛ ትርጓሜው ታትሟል፤ መንፈሳዊ መጻሕፍት መደብር ውስጥ አይጠፋም። ያገኛችሁ እንደሆነ ከ23 ጀምሩና ወደፊት አንብቡ፤ ስለ ብድር፣ ስለ ሽያጭ፣ ስለ ውርስ ያለውን። አብዛኛው ደረቅ ነው። 31 ላይ ስትደርሱ ግን ቀስ በሉ።